ጳውሎስ ተሳድቧል ወይ? ስለ አንዲት የግሪክ ቃል

እንደምን አመሻችሁ? እንኳን ደህና መጣችሁ። በዚህ ዝናብ፣ በዚህ የታክሲ ሰልፍ መጥታችሁ አዳራሹን ሞልታችሁታል። እግዚአብሔር ያክብርልኝ። አባቶችና እናቶች ፊት ለፊት ተቀምጣችሁ ሳይ ደስ ብሎኛል። ትንሽም ፈርቻለሁ። ለምን እንደፈራሁ ወዲያው ይገባችኋል።

ዛሬ የምናገረው ስለ አንዲት ቃል ነው። አንዲት ብቻ። በአዲስ ኪዳን ውስጥ አንዴ ብቻ የተጻፈች ናት። መጽሐፍ ቅዱስ የያዛችሁ ፊልጵስዩስ ምዕራፍ 3ን አውጡልኝ። ስልክ ላይም ይሁን ግድ የለም፣ አውጡት።

ጳውሎስ እስር ቤት ሆኖ ነው የሚጽፈው። የሚኮራበትን ሁሉ ይቆጥራል። በስምንተኛው ቀን የተገረዝኩ፣ ከብንያም ወገን፣ ከዕብራውያን ዕብራዊ፣ ስለ ሕግ ብትጠይቁ ፈሪሳዊ። ከዚያ በኋላ ግን ክርስቶስን አገኝ ዘንድ "ሁሉን እንደ ጉድፍ እቈጥራለሁ" ይላል። በ1954 ዓ.ም. በታተመው አማርኛችን እንዲህ ነው የተጻፈው። ጉድፍ። በግሪኩ ቃሉ "ስኪባላ" ነው።

ስለዚህች ቃል ሦስት ነገር አነሳለሁ። አንደኛ፣ በዘመኗ ነውር ነበረች ወይ? ሁለተኛ፣ ነውር ናት የሚሉ ሰዎች ለምን እንዲያ ይላሉ? ሦስተኛ፣ የኛ "ጉድፍ" ምን ነካው? ሦስተኛው የልቤ ነው።

ከዚያ በፊት ግን አንድ ነገር ልናዘዝ። ይህችን ቃል እኔ ራሴ ለዓመታት በስህተት አስተምሬያታለሁ። ወጣቶች ፊት ቆሜ "ጳውሎስ እዚህ ጋ ብልግና ተናግሯል፤ ተርጓሚዎቹ አፍረው ነው የሸፈኑት" እል ነበር። ወጣቶቹ ይስቃሉ። ያጨበጭባሉ። እኔም ሳቁን ወድጄው ነበር። ከአራት ዓመት በፊት ግን አንድ ቀን ነጠላቸውን ያጣፉ እናት ከኋላ ተነሱ። አልተቆጡም። ድምፃቸውንም ከፍ አላደረጉም። "ልጄ፣ ሐዋርያው ይህን ማለቱን አንተ ራስህ አይተሃል? ወይስ ሰው ነው የነገረህ?" አሉኝ።

ሰው ነበር የነገረኝ! አላየሁም። አንድ ቦታ አንብቤ፣ ሌላ ቦታ ሰምቼ፣ ጣፍጦኝ ደገምኩት። ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። የዛሬው ንግግር የዚያ ጥያቄ ውጤት ነው።

እሺ፣ ወደ መጀመሪያው ነጥብ። አንድ ቃል ነውር መሆኑን በምን እናውቃለን? መዝገበ ቃላት ፍቺውን ይነግረናል። ነውርነቱን የሚያውቀው ግን ጆሮ ነው። እስቲ የራሳችንን ቋንቋ እንየው። አንዱን ነገር በስንት ስም እንጠራዋለን? ሕፃን "ካካ" ይላል። ሐኪም "ሰገራ" ይላል። ትልቅ ሰው "አይነ ምድር" ይላል። ገበሬ ደግሞ እንደ እንስሳው ይለየዋል። የላም ሲሆን እበት፣ ሲደርቅ ኩበት፣ የአህያና የፈረስ ሲሆን ፋንድያ፣ የፍየል በጠጥ፣ የዶሮ ኩስ። ሳኦል ዋሻ ውስጥ የገባው "ወገቡን ይሞክር ዘንድ" ነው ይላል መጽሐፋችን። እንዴት ያለ ጨዋ አነጋገር ነው! ከዚህ ሁሉ በታች ግን አንዲት ባለ ሁለት ፊደል ቃል አለች። ሁላችንም እናውቃታለን። እናት ፊት አትባልም። እኔም እዚህ አልላትም።

እንግዲህ ጥያቄው ይሄ ነው። ስኪባላ ከነዚህ ሁሉ የቷን ትመስላለች? ሰገራን? ፋንድያን? ወይስ ያችን ባለ ሁለት ፊደል?

ጆሯችን የግሪክ ጆሮ አይደለም። ስለዚህ ያለን አንድ መንገድ ነው። ቃሏን ማን ተናገራት? ለማን ተናገራት? የት ተናገራት? ምስክር እንጥራ።

መጀመሪያ የምጠራው መጽሐፈ ሲራክን ነው። የኦርቶዶክስ ወንድሞቼና እህቶቼ ከ81ዱ መጻሕፍት እንደ አንዱ ታነቡታላችሁ። በ66ቱ ያደጋችሁም ብታነቡት ትጠቀማላችሁ። ሲራክ በዕብራይስጥ ጻፈው። የልጅ ልጁ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ132 ዓመት ገደማ ግብፅ መጥቶ ወደ ግሪክኛ መለሰው። በምዕራፍ 27 ላይ ወንፊት ሲነቀነቅ ቆሻሻው ይቀራል፣ የሰውም ስኪባላ በአሳቡ ውስጥ እንዲሁ ይቀራል ይላል። ቃሏ እዚያ ናት! አያቱን የሚያከብር፣ እግዚአብሔርን የሚፈራ ሰው፣ ጥበብን ለሚማሩ ልጆች በሚሆን መጽሐፍ ውስጥ ጻፋት። ባለ ሁለት ፊደሏ ቃል በሲራክ መጽሐፍ ውስጥ ትገባለች? አትገባም።

ቀጥሎ ስትራቦ ይምጣ፤ የጂኦግራፊ ሰው ነው። ስለ ሰምርኔስ ከተማ ይጽፋል። ራእይ ላይ የምናውቃት ሰምርኔስ ናት፣ የዛሬዋ ኢዝሚር። ከተማዋ ውብ ናት፣ መንገዶቿ ቀጥ ያሉና በድንጋይ የተነጠፉ ናቸው ይላል። አንድ ጉድለት ግን አለባት። መሐንዲሶቹ መንገዱን ሲያነጥፉ ከሥሩ የፍሳሽ መውረጃ አላበጁም። ስለዚህ በተለይ ዝናብ ሲዘንብ ስኪባላው መንገዱ ላይ ይንሳፈፋል። ይህን ለእናንተ ማስረዳት አያስፈልገኝም። ነሐሴ ላይ ቱቦ ሲሞላ ምን እንደሚወጣ ዛሬ ስትመጡ አይታችሁታል። ስትራቦ የተማረ ሰው ነው። የሚጽፈውም ለተማሩ ሰዎች ነው። የከተማ ችግር ሊነግራቸው ሲፈልግ በዚህች ቃል ተጠቀመ።

ሦስተኛው ፕሉታርክ ነው። ከጳውሎስ በዕድሜ በአንድ ትውልድ ያህል ያንሳል። የግብፅ ካህናት ለምን ጠጉራቸውን እንደሚላጩና የተልባ እግር ልብስ እንደሚለብሱ ያስረዳል። ከምግብ የሚተርፍ ነገርና ስኪባሎን፣ ማለትም ያችው ቃል በነጠላ ቁጥር፣ ንጹሕ አይደለም ይላል። ይህን ጽሑፍ ለማን እንዳበረከተው ታውቃላችሁ? ክሊያ ለምትባል፣ ዴልፊ ላይ ካህን ለነበረች ሴት። የተከበረች ሴት ናት። ሰው ለተከበረች ሴት በሚያበረክተው መጽሐፍ ውስጥ ስድብ ይጽፋል? እስቲ ንገሩኝ!

ሐኪሞቹም ይጽፏታል። እዚህ ላይ የእህቴን ነገር ላንሳ። እህቴ ነርስ ናት። ይህን ሳጠና አንድ ማታ ደወለችልኝና "የምትጨነቅባት ቃል እኮ እኛ ዘንድ አለች" አለችኝ። እውነቷን ነው። ሆድ ድርቀት የበረታበት ሰው አንጀት ውስጥ የሚጠጥረው ነገር እስከ ዛሬ በሕክምና መጻሕፍት በዚህ በግሪክ ስሙ ይጠራል። ሁለት ሺህ ዓመት ሙሉ ሐኪም ከበሽተኛው ጋር ሲናገርባት የኖረች ቃል ናት።

አሁን የምወደውን ምስክር ልጥራ። ፈላስፋ አይደለም። ሐኪም አይደለም። ጡረታ የወጣ ወታደር ነው። ስሙ ሉክዮስ ቤሌኖስ ጌሜሉስ ነው። ግብፅ ውስጥ ፋዩም በሚባለው አገር ያርስ ነበር። ጳውሎስ ይህን መልእክት ከጻፈ ከ40 ዓመት ያህል በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ100 ገደማ፣ ለልጁ ደብዳቤ ጻፈ። ደብዳቤዎቹ ከአሸዋ ውስጥ ወጥተው እ.ኤ.አ. በ1900 ታትመዋል። የፊደል ግድፈታቸው ብዙ ነው። ሰውየው የተናገረውን ነው የሚጽፈው፤ አፉን የምትሰሙት ያህል ነው።

ምን ይላል? ይናደዳል። አህያ ነጂው ድርቆሽ እንዲገዛ ተልኮ ነበር። ትንሽ እስር፣ የበሰበሰ ድርቆሽ፣ ሁሉም የሟሸሸ፣ "እንደ ስኪባሎን" የሆነ ነገር ገዝቶ መጣ ይላል። ታዩታላችሁ? ሽማግሌው በረት ደጃፍ ቆሟል። እስሩን ፈታው። እጁን ከተተው። ረጥቧል፣ ጠቁሯል፣ ይሸታል። ገንዘቡ ወጥቷል። ከብቱ አይበላው። "ይሄ ምን ይሠራል?" ብሎ ወረወረው። ያች ቃል እዚያ ነው የምትወጣው። አባት ለልጁ ሲናገር፣ ስለ ከንቱ ነገር፣ ተቆጥቶ። ተቆጥቷል እንጂ አልባለገም።

ይህ ደብዳቤ አንድ ሌላ ነገር አስተምሮኛል። ድርቆሹን "የበሰበሰ" ለማለት የተጠቀመበት ቃል "ሳፕሮስ" ነው። ኤፌሶን 4፥29 ላይ "ክፉ ቃል ከአፋችሁ ከቶ አይውጣ" የሚለውን ታውቁታላችሁ። እዚያ "ክፉ" የተባለው በግሪኩ ይኸው "ሳፕሮስ" ነው። የበሰበሰ ቃል ከአፋችሁ አይውጣ! የጌሜሉስ ድርቆሽ ዓይነት ቃል። ይህን የሚያስተምር ሐዋርያ ለሚወዳት ቤተ ክርስቲያን በጻፈው ደብዳቤ መካከል የበሰበሰ ቃል ይጥላል?

ግሪኮች ነውር ቃል አልነበራቸውም ማለት አይደለም። ነበራቸው፣ በደንብ ነበራቸው። ከጳውሎስ 400 ዓመት ያህል ቀድሞ የነበረውን አሪስቶፋነስን ያነበበ ሰው ያውቃል። በቀልድ ተውኔቶቹ ውስጥ የኛን ባለ ሁለት ፊደል የሚያስንቁ ቃላት አሉ። ጳውሎስ መባለግ ቢፈልግ ኖሮ መሣሪያው በእጁ ነበር። አልመረጠውም። የመረጠው ሲራክ፣ ስትራቦና ሐኪሞቹ የሚናገሩባትን ቃል ነው።

እንግዲህ መልሴ ይሄ ነው። ነውር አልነበረችም። ቆይ ግን፣ አትቸኩሉ። ንጹሕም አልነበረችም! በግሪክኛ የጻፈው የአይሁድ ታሪክ ጸሐፊ ፍላቪዮስ ዮሴፍ ኢየሩሳሌም እ.ኤ.አ. በ70 ስትከበብ የሆነውን ይነግረናል። ረሃቡ ከመጽናቱ የተነሣ ሰዎች የቆሻሻ መውረጃ ቦይ እየፈተሹ፣ ያረጀ የከብት እበት እየጫሩ፣ ከዚያ የሚያገኙትን ስኪባላ ይበሉ ነበር ይላል። እዚህ ላይ ቃሏ ትሸታለች። ሆድ ታገላብጣለች። እንዲህ ያለ ቃል ጠረጴዛ ላይ ምግብ ቀርቦ አይነሳም።

ወደ ሁለተኛው ነጥብ ልለፍ፤ አጭር ነው። ጳውሎስ ተሳድቧል የሚሉ ሰዎች ለምን ይላሉ? የሌላውን ልብ አላውቅም። የራሴን አውቃለሁ። እኔ ጳውሎስ እንደኔ እንዲሆን ፈልጌ ነበር። አፌ ሲያመልጠኝ "ሐዋርያውም ብሏል" የምለው ፈልጌ ነበር። ወጣቶች፣ ይህን በፍቅር ነው የምላችሁ፤ ይህን ጥቅስ ለስድብ ፈቃድ አታድርጉት። ፈቃድ አይሰጥም።

በሌላው በኩል ቃሏን ሊያጥቡ የሞከሩ አሉ። ትልቁ ቅዱስ ዮሐንስ አፈወርቅ ነው። በዘመኑ ይህን ጥቅስ ይዘው "የሙሴ ሕግ ቆሻሻ ነው ማለት ነው" የሚሉ መናፍቃን ነበሩ። እርሱ ግን ስኪባላ ገለባ ነው ብሎ መለሰላቸው። ገለባ ስንዴውን ይሸከመዋል። ያለ ገለባ ስንዴ የለም። ስንዴው ከተሰበሰበ በኋላ ግን ገለባው ይጣላል። ሕግም እንዲሁ ነው አለ። ይህን ሳነብ አውድማ ላይ የቆምኩ መሰለኝ። እውነትም አለው፤ ዛሬም በግሪክ አገር እህል ሲበጠር የሚወጣውን ጉርድ ስኪባላ ይሉታል። ከአፈወርቅ ጋር ልከራከር አይገባኝም። ግን የስትራቦን መንገድና የዮሴፍን ቦይ ካየሁ በኋላ ገለባ ብቻ ነው ማለት አልቻልኩም። ቃሏ ሰፊ ናት። ከማዕድ የተረፈ፣ ከወንፊት የቀረ፣ ከሆድ የወጣ፣ ሁሉንም ትይዛለች። የሁሉም ነገር አንድ ነው፤ ይጣላል።

በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተዘጋጀ "ሱዳ" የሚባል የግሪክ መዝገበ ቃላት ደግሞ ስኪባሎን ማለት "ለውሾች የሚጣል" ማለት ነው ይላል። የቋንቋ ሊቃውንት ይህን ሥርወ ቃል አይቀበሉትም። ይሁን። የግሪክ ጆሮ ግን ቃሏን ሲሰማ ውሻ ይታየው ነበር ማለት ነው። አሁን ምዕራፍ 3 ቁጥር 2ን ተመልከቱ። "ከውሾች ተጠበቁ" ይላል። ውሾቹን ያዙልኝ፣ እመለስባቸዋለሁ።

ሦስተኛው ነጥብ። የኛ ጉድፍ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ በአማርኛችን ለረጅም ጊዜ ተቀይሜ ነበር። ለምን? ማቴዎስ 7 ላይ "በወንድምህ ዓይን ያለውን ጉድፍ" ይላል። ዓይን ውስጥ የገባች ብናኝ። በመሐረብ ጫፍ የምትወጣ። አንደኛ ቆሮንቶስ 4፥13 ላይ ደግሞ ሐዋርያት "የዓለም ጥራጊ የሁሉም ጉድፍ" ሆነናል ይላሉ። ፊልጵስዩስ ላይም ጉድፍ። ግሪኩ ሦስት የተለያዩ ቃላት አሉት። እኛ ለሦስቱም አንድ! ጳውሎስ የሕይወቱን ክብር ሁሉ ዓይን ውስጥ እንደገባች ብናኝ ቆጠረ? ይሄ ምን ያህል ትንሽ ነገር ነው! ተርጓሚዎቹ አፍረው አለዘቡት ብዬ አመንኩ።

"ፋንድያ" ቢባል ይሻላል ብዬም አሰብኩ። ብዙ አገር እንዲያ ተርጉሞታል። የላቲኑ፣ የ1611ዱ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ፣ ሁሉም ወደዚያ ሄደዋል። ግን ለኛ አይሆንም። ገበሬ ቤት ያደገ ያውቃል። እበት አውድማ ይለቀለቅበታል። ኩበት እንጀራ ይጋገርበታል። ሉቃስ 13 ላይ ያ አትክልተኛ በለሷን ለማዳን የሚለምነው "ፋንድያ እስካፈስላት ድረስ" ብሎ ነው። ፋንድያ ሀብት ነው። ጳውሎስ የሚለው ነገር ማንም የማይፈልገው መሆን አለበት።

እዚህ ላይ ተይዤ ቆየሁ። ምን ልበለው? አንድ ቀን ጠዋት ቤት እየጠረግኩ አያቴ ትዝ አለችኝ።

አያቴ መንዝ ነበረች። ክረምት ሲሆን እሷ ዘንድ እሄድ ነበር። ማለዳ ቤቱን ትጠርግና ጥራጊውን በአሮጌ ቁና ታቀብለኛለች። "ና፣ ይችን ጉድፍ ጣልልኝ" ትለኛለች። ጉድፍ! ብናኝ አልነበረም። ቁናው ሙሉ ነበር። አመድ፣ የባቄላ ገለባ፣ የሽንኩርት ልጣጭ፣ የሻገተ ቂጣ፣ የዶሮ ኩስ፣ ከበጎቹ ማደሪያ የተጠረገ በጠጥ፣ ሌሊት ሕፃን ያበላሸው ጨርቅ። በሁለት እጄ ይዤ፣ ፊቴን አዙሬ እሄዳለሁ። ከጓሮው ጀርባ ጉድፍ መጣያው አለ፤ ቁመቴን የሚያህል ክምር ነው። በዚያ ብርድ ከክምሩ ላይ እንፋሎት ይወጣ ነበር። የሰፈሩ ውሾችም እዚያ ናቸው። ስደርስ ያጉረመርማሉ። ደፍቼ እሮጣለሁ።

ያዛችሁልኝ? ከወንፊት የቀረው አለ። ከማዕድ የተረፈው አለ። ከሆድ የወጣው አለ። ውሾቹም አሉ። ስኪባላ ማለት ያ ክምር ነው! በ1954 "ጉድፍ" ብለው የጻፉት አባቶች ቃሉን አላለዘቡትም ነበር። የነሱ ጉድፍ የአያቴ ጉድፍ ነው። የጠበበው የኔ ጆሮ ነው። የከተማ ልጅ ሆንኩ፣ የቆሻሻ መኪና መጣ፣ ጉድፍ መጣያ ከጓሮ ጠፋ፣ ቃሉም ከዓይን ብናኝ ጋር ብቻ ቀረ። እኔ ደግሞ ተርጓሚዎቹን ወቀስኩ። ይቅር ይበሉኝ።

አንድ ነገር ልጨምርና ላብቃ። አያቴ ለሠርጓ የተሰጣት፣ ቀይ አበባ ያለበት ሲኒ ነበራት። ለእንግዳ ብቻ ነው የሚወጣው። አንድ ቀን ከእጇ ወደቀና ተሰበረ። ምንም ሳትል ጠራርጋ ከጉድፉ ጋር በቁናው ሰጠችኝ። እኔ ደግሞ አሳዘነኝ። አበባ ያለበትን ስባሪ ከክምሩ ላይ መልሼ አንስቼ መደቡ ሥር ደበቅኩት። ስትጠርግ አገኘችው። ይዛው ቆማ አየችኝ። "ልጄ፣ ከጉድፍ ላይ አንስተህ ቤት ታስገባለህ?" አለችኝ። ትወደው ነበር እኮ! ከማንም በላይ የምትወደው እሷ ነበረች። ራሷ ይዛው ወጣች፣ ራሷ ጣለችው፣ እጇን ታጥባ ገባች።

እማማ፣ እዚያ ሦስተኛው ረድፍ ላይ እንዳሉ ገና ስገባ አይቻለሁ። አራት ዓመት አስጠበቅሁዎት። "አንተ ራስህ አይተሃል?" ብለውኝ ነበር። አሁን አይቻለሁ። ሐዋርያው አልተሳደበም። በስምንተኛው ቀን መገረዙን፣ የብንያም ወገንነቱን፣ ፈሪሳዊነቱን በቁና ይዞ፣ ከጓሮ ጀርባ ወጥቶ፣ ውሾቹ ባሉበት ደፍቶት ነው የተመለሰው። ጥቅሱን አንዴ ጮክ ብለው ያንብቡልን፤ ከቁጥር 4 ይጀምሩ። ማይኩን ለእማማ አቀብሉልኝ።